ውዳሴ መለዋወጫ

በዚህ እምነት በሳሳበት፣ ሰው ሁሉ በዓይኔ ያላየሁትን በእጄም ያልዳሰስሁትን አልቀበልም በሚልበት ዘመን፣ በዱባይ፣ በሻርጃና በአጅማን የሚኖረው ባለ መኪና ወገናችን ያልተመረመረውንና ያልተመሰከረለትን ነገር በፍጹም ልቡ አምኖ፣ በሐሩር የደከመበትን ድርሃም ያለ አንዳች ማመንታት መባ አድርጎ ሲያቀርብ በተመለከትሁ ቁጥር፣ ሃይማኖት ከምድር ገጽ አልጠፋም ብዬ እጽናናለሁ። ይህ እምነት የሚፈተነው መኪናው በሰዓት 100 ኪሎ ሜትር ገደማ ሲደርስ መሪው በነጂው እጅ ላይ መንቀጥቀጥ የጀመረ ዕለት ነው። ያን ጊዜ ምእመኑ ‘ለምን ተንቀጠቀጠ?’ ብሎ አይጠይቅም፤ እንዲህ ያለው ጥያቄ የኑፋቄ በር መሆኑን ያውቃልና። የሚጠይቀው ‘ምን ልቀይር?’ ብሎ ነው። ጥያቄው በዚህ መልክ ከቀረበ ደግሞ መልስ አይጠፋም፤ የሻርጃ የኢንዱስትሪ ሰፈሮች ያገለገለ መለዋወጫ እስከ ጣራው በደረደሩ ሱቆች ተሞልተው ይጠብቁታል። ብዙዎች የሚነቅፉትን ይህን ሥርዓት እኔ በበኩሌ በጥቂት ቃል ላወድሰው ወድጃለሁ።

አስቀድሞ የደዌውን ጠባይ መረዳት ይገባል። የቤት ኪራይ ረከስ ያለበትን ፈልጎ በሻርጃ ወይም በአጅማን የሚያድር፣ እንጀራው ግን ዱባይ የሆነ ሰው፣ ጎህ ሳይቀድ ተነሥቶ በአል ኢቲሃድ መንገድ ወይም በተለምዶ በቁጥሩ ብቻ 311 እየተባለ በሚጠራው በሼክ ሙሐመድ ቢን ዛይድ መንገድ ሲሰለፍ፣ ከፊቱ ያለው ሁሉ የፍሬን መብራት ስለሆነ መኪናው ሊንቀጠቀጥ ቢፈልግ እንኳ ዕድል አያገኝም። በዚያ ሰዓት በመንገዱ ላይ የታመመ መኪና የለም። ደዌው የሚገለጠው ሌሊት መንገዱ ሲለቀቅ፣ ወይም በዕረፍት ቀን ቤተሰብ ይዞ ራቅ ወዳለ ስፍራ ሲወጡ ነው። በ311 የዱባይ ክፍል የተለጠፈው ልክ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ከ2017 ወዲህ 110 ኪሎ ሜትር ነው፤ የዱባይ ራዳር ግን 20 ኪሎ ሜትር ያህል እንደሚታገሥ የታወቀ በመሆኑ ምእመናኑ 110 ተብሎ የተጻፈውን 130 ብለው ያነብቡታል፤ ይህ የንባብ ስልት ከየትኛው ደብር እንደ ወጣ እግዜር ይወቅ። መኪናው እንግዲህ በሳምንት ውስጥ አምስት ቀን ጻድቅ ሆኖ ሰንብቶ በዕረፍት ቀን ጋኔን ያደረበት ይመስላል።

ቅዳሜ ማለዳ ወደ ጋራዥ ይኬዳል። «ሰዲቅ፣ መቶ ሲገባ እንዲህ ያደርጋል» ይላል ነጂው፣ ሁለት እጁን በአየር ላይ ዘርግቶ እያንቀጠቀጠ። ባለ ጋራዡም ቁልፉን ተቀብሎ ለሙከራ ይወጣል፤ የጥበቡ ምሥጢር የሚታየውም እዚህ ላይ ነው። ሙከራው የሚደረገው በዚያው በኢንዱስትሪው ሰፈር ውስጥ፣ ግራና ቀኙ በጭነት መኪና በተጣበበ፣ ጉብታ በበዛበት፣ ከ40 በላይ መንዳት በማይታሰብበት መተላለፊያ ላይ ነው። በ100 የሚነሣን መንቀጥቀጥ በ40 ፈልጎ ማግኘት ለሥጋ ለባሽ የተሰጠ ጸጋ አልነበረም፤ ለእርሱ ግን ተሰጥቶታል። ሦስት ጊዜ ታጥፎ ይመለስና ሞተሩን ሳያጠፋ «ሾክ አብዞርበር» ብሎ ይፈርዳል፤ የነጂው ፊት ሲጠቁር ቢያይ ደግሞ «ማፊ ሙሽኪላ» ብሎ ያጽናናዋል።

የአንድ ሰው ቃል ግን አይጸናም፤ በሊቃውንት ጉባኤ መታየት አለበት። ጉባኤው የሚሰየመው በዴራ ወይም በሻርጃ ሮላ አካባቢ፣ ቡና በሚፈላበት የአበሻ ምግብ ቤት ነው። የአንድምታ መምህራን አንዲቱን የመጽሐፍ ቃል ይዘው ‘አንድም’ እያሉ ምሥጢሯን ሲያመላልሱ የሰማ ሰው በዚህ ጉባኤ ቢገኝ ከጉባኤ ቤቱ የወጣ አይመስለውም። አንድም ኩሽኔታ ነው ይላል አንዱ፤ አንድም የመሪ ቴስታ ነው፤ አንድም የሞተር ጎሚኒ ነው፤ አንድም ሰሚያስ ነው፤ አንድም፣ ይላሉ ከጥግ የተቀመጡት በሊሞዚን ሹፌርነት ያረጁት አንጋፋ፣ ጃፓን እንደ ድሮው መሥራት ትቷል። በሁለቱ ጉባኤያት መካከል ያለው ልዩነት ትንሽ ነው፤ የመጽሐፍ ሊቃውንት ስንት ጊዜ አንድም ቢሉ ዓይናቸው ከንባቡ አይነሣም፤ የእኛዎቹ ሊቃውንት ግን መኪናውን አላዩትም፤ እርሱ ውጭ ቆሞ ፀሐይ ይመታዋል። «ጋሼ፣ እንግዲህ ከየቱ ልጀምር?» ሲላቸው አንጋፋው ስኒያቸውን አስቀምጠው «ሁሉንም ቀይረህ ተገላገል ልጄ» ይሉታል።

ሐሰት እንዳልናገር፣ ይህ ትምህርት መሠረት የሌለው አይደለም፤ የትውልድ ሀገር አለው። በሀገራችን ጎዳና፣ ከፊያት 600 ዘመን ጀምሮ፣ መሪ ሲንቀጠቀጥ ቴስታው ላልቷል፣ ኩሽኔታው ተበልቷል፣ ሞላው ደክሟል ማለት ብዙ ጊዜ እውነት ነበረ፤ ጠጠሩና ጉድጓዱ እነዚህን ክፍሎች እየቀጠቀጠ ይጨርሳቸዋልና። የጎማ ሚዛን መዛባት ግን የሚታወቀው በፍጥነት ነው፤ ፍጥነት የሌለበት ሀገር ይህን በሽታ አያውቀውም። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2014 የአዲስ አበባ–አዳማ የክፍያ መንገድ እስኪከፈት ድረስ መኪናን ከ100 በላይ አድርጎ ለረዥም ጊዜ ያለ ሥጋት የሚያስኬድ ጎዳና ስንት ነበረን? ቱሉ ዲምቱን አልፎ መሪው እጁ ላይ ሲንዘፈዘፍበት አዲሱን አስፋልት የረገመ ሰውም አላጣንም። ወገናችን ይህንኑ የጠጠር መንገድ ሕክምና በሻንጣው ይዞ ባሕር ተሻገረ፤ ጉድጓድ ብርቅ በሆነበት አስፋልት ላይም ጉድጓድ የሚያመጣውን በሽታ ሲያክም ይኖራል። የአባቶችን ትምህርት እንዲህ አጥብቆ የሚይዝ ትውልድ የት ይገኛል?

ነገር ግን በእንዲህ ያለ ጽኑ ማኅበር መካከልም መናፍቅ መነሣቱ አልቀረም፤ መናፍቁም ብዙ ጊዜ አንድ በርና አንድ የባላንስ ማሽን ብቻ ያለው ጎሚስታ ነው። የኑፋቄው መጀመሪያ ብሎን ከመፍታቱ በፊት መጠየቁ ነው። ከስንት ላይ ይጀምራል ይላል፤ የሚንቀጠቀጠው መሪው ነው ወይስ የተቀመጥህበት ወንበር ይላል፤ ፍሬን ስትይዝ ብቻ ነው ወይ፣ ነዳጅ ስትሰጥ ይብሳል ወይ ይላል። በእርሱ ክሕደት መሠረት መሪው ከተንቀጠቀጠ ጥፋቱ አብዛኛውን ጊዜ ከፊት ጎማ፣ ወንበሩ ከተንቀጠቀጠ ከኋላ ጎማ ነው፤ ፍሬን ሲያዝ ብቻ የሚመጣ ከሆነ የፍሬን ዲስኩ ውፍረት ተዛብቷል፤ ነዳጅ ሲሰጥ ብሶ ሲለቀቅ የሚተው ከሆነ ሰሚያሱ ይጠየቃል፤ ከመኪናው ፍጥነት ጋር ሳይሆን ከሞተሩ ዙር ጋር ከፍ ዝቅ የሚል ከሆነ ብቻ የሞተሩ ጎሚኒ ይታያል። ሳንቲም በማያስወጣ ጥያቄ ይህን ሁሉ መለየት ይቻላል የሚል ሰው እንደምን ከማኅበሩ አይለይ!

ይባስ ብሎ ቁጥር ይጠቅሳል። ዙሪያው 2 ሜትር ገደማ የሆነ ጎማ በ120 ኪሎ ሜትር ፍጥነት በሴኮንድ ከ16 ጊዜ በላይ ይሽከረከራል፤ በቸርኬው ጠርዝ ላይ፣ ከመካከሉ 20 ሳንቲ ሜትር ርቆ የተለጠፈ 30 ግራም እርሳስ ወድቆ እንደ ሆነ፣ ያ የጎደለው ሚዛን በእያንዳንዱ ዙር 7 ኪሎ በሚጠጋ ኀይል ጎማውን ላይና ታች፣ ፊትና ኋላ ይጎትተዋል። ፍጥነቱ ሦስት እጅ ሲያንስ ኀይሉ ዘጠኝ እጅ ስለሚያንስ፣ ያው 30 ግራም በ40 ኪሎ ሜትር ላይ አንድ ኪሎ እንኳ አይሞላም፤ ባለ ጋራዡ በጉብታዎቹ መካከል ሦስት ጊዜ የዞረው እንግዲህ ይህን ሊያዳምጥ ነበር። ጎማውን የተሸከሙት ሞላና ሾክ አብዞርበርም የራሳቸው የመወዛወዝ ልክ አላቸው፤ የጎማው ምት ከዚህ ልክ ጋር የገጠመ ጊዜ መንቀጥቀጡ ይበረታል፣ ካለፈው ደግሞ ይበርዳል፤ ስለዚህ በ100 ያስጨነቀ መኪና በ130 ጸጥ ሊል ይችላል። ይህን ከተሞክሮ የደረሱበት አንዳንድ ምእመናን መድኃኒቱ ነዳጅ መርገጥ ነው የሚል አዲስ ቀኖና አውጥተዋል፤ የትራፊክ ፖሊስ ገና አልተቀበለውም እንጂ። የደከመ ሾክ አብዞርበር መንቀጥቀጡን ያባብሰዋል እንጂ አይወልደውም የሚለውን የመናፍቁን ቃል ግን ማን ይሰማዋል? ጎሚስታው አራቱንም ጎማ አስተካክሎ የሚጠይቀው ዋጋ የአንድ ቤተሰብ ምሳ ያህል ነው፤ እንዲህ የረከሰ ፈውስ ደግሞ ነፍስን አያሳርፍም።

ስለ ጎማው ዕድሜም ማንሣት ነውር ነው። በጎማው ጉንጭ ላይ የተቀረጹት አራት አሃዞች፣ 2319 ቢሉ፣ ጎማው በ2019 ዓመት በ23ኛው ሳምንት መሠራቱን ይናገራሉ፤ የኢሚሬቶች ደንብም ከተሠራ 5 ዓመት ያለፈውን ጎማ አይፈቅድም፤ ባረጀና በተበላ ጎማ የተያዘ ነጂ 500 ድርሃም፣ 4 የቅጣት ነጥብና የአንድ ሳምንት የመኪና እገዳ ይጠብቀዋል። በጋ ላይ ጥላው ውስጥ እንኳ 45 ዲግሪ በሚደርስበት ሀገር ጎማ ከውስጥ ይላላል፤ የሽቦ መረቡ ከላስቲኩ ይለቅቅና ጉብታ ያወጣል፤ ክብነቱን ያጣ ጎማ ደግሞ እርሳስ ቢለጠፍበት አይድንም። ባለቤቱ ለዕረፍት ሀገር ቤት ሲከርም ያለ እንቅስቃሴ የቆመ መኪና ጎማው በተኛበት በኩል ጠፍጥፎ ይቆያል። በአፕሪል 16 ቀን 2024 ደግሞ ከ1949 ጀምሮ በተያዘው የሀገሪቱ መዝገብ አቻ ያልተገኘለት ዝናም ወርዶ፣ በሻርጃ አንዳንድ ሰፈሮች ውኃው ለቀናት በቆመ ጊዜ፣ በቸርኬ ውስጠኛ ገጽ ላይ የደረቀ አንድ እፍኝ ጭቃ ብቻውን ሚዛን እንደሚያዛባ ያሰበ ሰው ጥቂት ነው። ጭቃ በውኃ ይታጠባል፤ ለውኃ ደግሞ ደረሰኝ አይቆረጥም።

ምእመኑ ወደ ማሽን ከቀረበም የሚመርጠው ባላንሱን ሳይሆን አላይመንቱን ነው። አላይመንት መኪናው ወደ አንድ ወገን ሲስብ፣ ጎማውም በአንድ ጎኑ ሲበላ የሚደረግ የተከበረ ሥራ ነው፤ መንቀጥቀጥን ግን አያክምም። ይህ ሁሉ የታወቀ ሆኖ ሳለ አላይመንቱ የሚመረጠው ወረቀት ስለሚሰጥ ነው፤ በቀይና በአረንጓዴ የተቀለመ፣ ቁጥሩ ነጥብ ያለው ወረቀት። ነጂው ወረቀቱን እንደ ክታብ አጣጥፎ በመስተዋቱ ሥር ያኖረዋል፣ በ100 ሲገባም መሪው እየተንቀጠቀጠ ወረቀቱም አብሮ ይንቀጠቀጣል።

ይሁን እንጂ ተአምር አልፎ አልፎ ይደረጋል። አንድ የሀገሬ ልጅ፣ ያገለገለች ኮሮላውን በጉባኤው ምክር ቴስታዋን፣ ኩሽኔታዋንና ጎሚኒዋን ካስቀየረ በኋላ፣ በመጨረሻ ባለ ጋራዡ መጀመሪያ የተናገረውን ሾክ አብዞርበር ለፊት ጎማዎች አስገጠመ። ጎማዎቹ ወልቀው በግድግዳ ተደግፈው ነበርና ረዳቱ ልጅ ሲመልስ የፊቱን ከኋላ፣ የኋላውን ከፊት አድርጎ አሰረው። ይህ፣ ልብ በሉ፣ መናፍቁ ጎሚስታ መንቀጥቀጡ ከየትኛው ጎማ እንደሚመጣ ለማወቅ ሆን ብሎ የሚያደርገው ፈተና ነው፤ እዚህ ግን በስሕተት ተደረገ፣ ውጤቱንም የሚያነብ አልተገኘም። በዚያው ምሽት 311 ላይ መሪው ጸጥ አለ። በሮላ ታላቅ ደስታ ሆነ፤ ባለ ጋራዡ ተመሰገነ፤ አንጋፋውም እኔ ምን ብዬ ነበር አሉ።

ከጥቂት ጊዜ በኋላ እናቱ ከአዲስ አበባ ሊጠይቁት መጡ። ባሕር ሊያሳያቸው በ2019 በተከፈተው የሻርጃ–ኾርፈካን መንገድ ይዟቸው ወጣ፤ እርሳቸው ነጠላቸውን አጣፍተው ከኋላ ተቀምጠዋል። ዋሻዎቹ ሲጀምሩ ፍጥነቱ 100 አለፈ።

«ልጄ፣» አሉ፣ «ይሄ ወንበር ምን ሆኖ ነው እንዲህ የሚያንዘፈዝፈኝ?»

መሪውን በሁለት ጣቱ ይዞ፣ «መንገዱ ነው እማዬ» አላቸው። በማግሥቱ ከሥራ አስፈቅዶ የኋላ ሾክ አብዞርበር ዋጋ ሊጠይቅ ወደ ኢንዱስትሪው ሰፈር ወረደ።