እጅዎን ይሰብስቡ፦ ለብርቅዬ ካክተስ አሳዳጊዎች የተሰጠ ምክር

ኮፒያፖአ ሲኔሬያ የተባለውን ካክተስ ለማሳደግ ቆርጠው ከተነሱ፣ በመጀመሪያ እንኳን ደስ አለዎት። ቀጥለው ዕድሜዎን ይንገሩኝ። ሰውን ዕድሜ መጠየቅ ነውር መሆኑን አላጣሁትም፤ ምክሩ የሚቆመው ግን በዚያ ላይ ነው። ሃያዎቹ ውስጥ ከሆኑ በሰዓቱ ደርሰዋል። አርባን ካለፉም አይዘኑ፤ ልጅ ካለዎት ይበቃል። ሰባን ከተሻገሩ የልጅ ልጅዎን ይጥሩና ይህን ጽሑፍ አብራችሁ አንብቡት።

ተክሉ የቺሊ ሰው ነው፤ ሰው ከተባለ። አገሩ የአታካማ በረሃ የባሕር ዳርቻ፣ ታልታል የምትባለው የወደብ ከተማ አካባቢና እ.ኤ.አ. በ1985 የተከለለው የፓን ደ አሱካር ብሔራዊ ፓርክ ነው። እዚያ ዝናብ እንደ ሎተሪ ነው፤ ወጣላቸው ሲባል እንሰማለን እንጂ አናይም። በምትኩ ከፓስፊክ ውቅያኖስ የሚነሳ፣ ካማንቻካ የሚሉት ጉም ኮረብታውን እየዳበሰ ያልፋል፤ ተክሉም ከዚያ እርጥበት የድርሻውን ይወስዳል። ቆዳው ኖራ የተቀባ ይመስል ነጭ ሰም ለብሷል፤ እሾሁ ጥቁር ነው፤ ሲፈቅድለት አናቱ ላይ ቢጫ አበባ ያወጣል። ትውልደ ጀርመኑ ሩዶልፎ ፊሊፒ በረሃውን ከ1853 እስከ 1854 ዞሮ በ1860 ለሳይንስ አስተዋወቀው። በ1922 ደግሞ ብሪተንና ሮዝ የተባሉ አሜሪካውያን የዕፅዋት ተመራማሪዎች ከኮፒያፖ ከተማ ወስደው ዛሬ የሚጠራበትን የወገን ስም ሰጡት። ለእርስዎ ይህ ታሪክ ነው፤ ለተክሉ ግን ትናንት ነው።

ስለ ግዢ

ብርቅዬ ካክተስ የሚገኝበት መንገድ ሁለት ነው፤ ፈጣኑና ትክክለኛው።

ፈጣኑ መንገድ ያደገ መግዛት ነው። ገበያ ላይ ነጭ፣ ወገቡ የደነደነ፣ ጎኑ በንፋስና በአሸዋ የተጫጫረ ግርማ ሞገሳም ኮፒያፖአ አይጠፋም። ሻጩ «ራሴ ከዘር ያሳደግኩት ነው» ካለዎት በትሕትና ዕድሜውን ይጠይቁት፤ የተክሉን ሳይሆን የሻጩን። በበረሃው ውስጥ ይህ ተክል በዓመት አንድ ሴንቲሜትር ካደገ እንደ ፈጠነ ይቆጠራል። ተክሉ ግማሽ ሜትር፣ ሻጩ ደግሞ ሠላሳ ዓመት ከሆነው፣ እዚህ መሃል የተሰረቀ ዕድሜ አለ ማለት ነው። ቆዳውንም ይመልከቱ። በመስታወት ቤት ውስጥ በምቾት ያደገ ኮፒያፖአ በአብዛኛው አረንጓዴነቱ አይለቀውም፤ ያ የሚያማልል ንጣትና ጠባሳ የሚገኘው ከበረሃ ነው። ሰብሳቢው የሚከፍለው ለተክሉ አይደለም፤ እሱ ላልጠበቃቸው ዓመታት ነው።

በየካቲት 2020 የጣሊያን ፖሊስ ሴኒጋሊያ በምትባል የአድሪያቲክ ዳርቻ ከተማ አንድ ቤት ሲፈትሽ ከቺሊ በረሃ የተነቀሉ ከ1000 በላይ ካክተሶች አገኘ። አብዛኞቹ ኮፒያፖአ ነበሩ፤ የገበያ ዋጋቸውም ከአንድ ሚሊዮን ዩሮ በላይ ተገመተ። በቀጣዩ ዓመት ከ800 በላይ የሚሆኑት ወደ ቺሊ ተመለሱ። የቀሩት አልቀናቸውም፤ ከፊሎቹ ሞቱ። ዓለም አቀፉ የተፈጥሮ ጥበቃ ኅብረት በ2013 ሲያሰላ ከኮፒያፖአ ዝርያዎች ለመጥፋት የተቃረቡት ከመቶ 55 ነበሩ፤ በ2024 ግን ከመቶ 82 ደረሱ። ከምክንያቶቹ አንዱ የአየር ንብረት ለውጥ ነው፤ አንዱ መንገድና ግንባታ ነው፤ አንዱ ደግሞ መስኮቱ ላይ አስቀምጦ ፎቶ ማንሳት የፈለገ ሰው ነው።

ስለዚህ ከውጭ የሚመጣ ዘመድዎን «ካልሲ መሃል ጠቅልለህ አምጣልኝ» ብለው አይለምኑ። የካክተስ ቤተሰብ ከጥቂቶች በቀር በዓለም አቀፉ የብርቅዬ ዝርያዎች ንግድ ስምምነት ሥር ነው፤ ኢትዮጵያም ከ1989 ጀምሮ የስምምነቱ አባል ናት። ዘመድዎ ጉምሩክ ላይ ስለ ካልሲው የሚሰጠው ማብራሪያ ከወዲሁ ያሳፍረኛል።

ስለ ዘር

ትክክለኛው መንገድ ዘር ነው። ዋጋው ርካሽ ነው፤ ከተክል አባዢዎች ይገኛል፤ የዚህን ተክል ዘር ለማስመጣትም የዕፅዋት ጤና ወረቀት ይጠየቁ ይሆናል እንጂ የብርቅዬ ዝርያ ፈቃድ በአብዛኛው አያስፈልግም። አፈር ለማዘጋጀት ለምለሙን ጥቁር አፈር ይርሱት። ብሎኬት አምራቾች የሚጠቀሙበትን ቀላል የእሳተ ገሞራ ጠጠር፣ ፑሚስ የሚሉትን፣ ያድቅቁና ከደረቅ ሻካራ አሸዋ ጋር ያዋህዱት። ጎረቤትዎ ሲያይ ግንባታ የጀመሩ ይመስለዋል፤ አያርሙት።

ዘሩን ከላይ ይበትኑት፤ አይቅበሩት። አርጥበው በላስቲክ ይሸፍኑትና ብርሃን ያለበት፣ ፀሐይ በቀጥታ የማይመታው ሞቃት ቦታ ያኑሩት። በአንድ ወይም በሁለት ሳምንት ውስጥ ጥቃቅን አረንጓዴ ነጠብጣቦች ብቅ ይላሉ። ቤተሰብ ይጠሩ፤ ደስ ይበላችሁ። ምክንያቱም ከዚህ በኋላ ለረጅም ጊዜ ምንም አይሆንም።

ዓመት ሲሞላው አተር ቢያህል ጥሩ ነው። በዚህ ጊዜ የመጣ እንግዳ «የታለ ካክተሱ?» ማለቱ አይቀርም። በጣትዎ ያመልክቱት። «ይሄ?» ይላል። አዎ ይበሉት፤ ድምፅዎ አይንቀጥቀጥ።

ስለ ውሃ

እዚህ ላይ ጥንቃቄ እፈልጋለሁ፤ ብዙ ኮፒያፖአ የሞተው በክፋት ሳይሆን በደግነት ነው። እኛ ፍቅርን የምንለካው በማብላትና በማጠጣት ነው። እንግዳ «ጠገብኩ» ሲል «በሞቴ» ብለን አንድ ጉርሻ እንጨምራለን፤ እንግዳው ይጨነቃል እንጂ አይሞትም። ኮፒያፖአን «በሞቴ» ሲሉት ግን የሚሞተው እሱ ነው። እርጥበት ያልለቀቀው ሥር አየር ያጣል፤ ፈንገስ ይገባበታል፤ መበስበስም ከታች ይጀምራል። ከላይ ሲታይ ግን ለሳምንታት ደህና ነው። ሰው ሁሉ «እንዴት አማረበት!» እያለ ሳለ አንድ ቀን ሲነኩት ጎኑ ይሰጥማል።

ሕጉ ይህ ነው። ሲያጠጡ ከማሰሮው ቀዳዳ እስኪወጣ ያጠጡ። ከዚያ ጠጠሩ እስከ ታች እስኪደርቅ ይጠብቁ። ሲደርቅ አሁንም ይጠብቁ። ቀጭን እንጨት ወደ ታች ሰክተው ሲያወጡት እርጥበት ካሳየ ጆጉን አስቀምጠው ከቤት ይውጡ። ተክሉ ትንሽ ቢጨማደድ አይደንግጡ፤ መጨማደድ ለእሱ የቁጠባ ዘዴ ነው። ቅዝቃዜው ሲበረታ ውሃውን ያቁሙ።

አዲስ አበባ ከሆኑ የክረምቱ ነገር ጨዋታ አይደለም። በሐምሌ አንድ ከሰዓት በኋላ የሚወርደው ዶፍ፣ የዚያ በረሃ ትልቅ ከተማ አንቶፋጋስታ በዓመታት የማታየው ነው። ሰኔ ሳይገባ ብርሃን የሚያስገባ ጣሪያ ይሥሩለት። በረዶው ጣሪያውን ቢበሳው የሚጎዳው ኪስዎ ነው፤ ካክተሱን ቢበሳው ግን ጠባሳው ከእርስዎ በኋላም ይኖራል።

አንዳንዶች ካማንቻካን ለመምሰል ከንጋቱ 11 ሰዓት ተነስተው በመርጫ ጉም ይሠሩለታል። ትጋታቸው ያስመሰግናል። የቧንቧ ውሃ ግን ሲደርቅ ነጩ ሰም ላይ የኖራ ነጠብጣብ ይተዋል። ስለዚህ ይተኙ። ለዚህ ተክል ከሚደረጉ እንክብካቤዎች ሁሉ ከፍተኛው እንቅልፍ ነው።

ስለ ፀሐይ

በታልታል የቀትር ፀሐይ ዓመቱን ሙሉ በሰሜን በኩል ነች። በበረሃው ያሉት ኮፒያፖአዎች በተለይ ዓምድ መሳዮቹ በመንጋ ወደ ሰሜን አዘንብለው ይታያሉ። ይህን ያደረጉት ለፎቶ አይደለም። ሲያዘነብሉ ጎናቸውን የሚመታው ፀሐይ ይቀንሳል፤ የሚያብበው አናታቸው ግን ሙቀቱን በደንብ ያገኛል።

አዲስ አበባ ላይ የቀትር ፀሐይ ከሚያዝያ መጀመሪያ እስከ ነሐሴ ማብቂያ ወደ ሰሜን፣ በቀረው ጊዜ ወደ ደቡብ ትላለች። በሰሜን በኩል ከምትሆንባቸው ወራት ደግሞ የሚበዛውን ደመና ይውጠዋል። እንግዲህ ተክልዎ ወዴት ማዘንበል እንዳለበት ግራ ቢገባው አይፍረዱበት። የአቅጣጫ ትምህርት ልስጠው ብለው ማሰሮውን በየቀኑ አያሽከርክሩት። ይልቅ የደጋ ፀሐይ ብርቱ መሆኗን ያስታውሱ፤ ከጥላ ሲያወጡት በየሳምንቱ ጥቂት ጥቂት ያለማምዱት። የተቃጠለ ቆዳ አይታደስም።

ስለ እንግዶች

ነጩ ሰም በጣት ይለቃል። የነካው ሁሉ አሻራውን ትቶ ይሄዳል፤ ሰሙም ቶሎ አይመለስም። ሰው ደግሞ ካክተስ ሲያይ «ይወጋል እንዴ?» ብሎ መንካት ይወዳል። ቡና የሚጠጡበትን ክፍልና ካክተሱ ያለበትን ይለዩ። ለልጆች በቁጣ፣ ለአማች በዘዴ ይንገሩ። ጥጥ የሚመስል ነጭ ነገር እሾሁ ሥር ካዩ ግን ሰም መስሎዎት ደስ አይበልዎ፤ ተባይ ነው። በአልኮል በነከሩት ቀጭን ብሩሽ እየነኩ ያስወግዱት፤ ሌሎቹንም ማሰሮዎች ይፈትሹ።

ስለ ኑዛዜ

ሁሉንም በሥርዓቱ ካደረጉ፣ ማለትም አብዛኛውን ጊዜ ምንም ካላደረጉ፣ ተክሉ ከእርስዎ በኋላ ይኖራል። ኑዛዜዎ ላይ ቦታ ይስጡት። ቤቱን ለማን፣ መኪናውን ለማን ብለው ከጨረሱ በኋላ ማሰሮውን ለቤተሰቡ ሰነፍ ያውርሱ። ታታሪው ልጅዎ ቅር ሊለው ይችላል፤ ቤቱን ወስዶ ይጽናና። ሰነፉ ደግሞ በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ በጠባዩ ይመረጣል።

አንድ አንቀጽ ግን ምስክሮቹ ፊት በግልጽ እንዲሰፍር አደራ እላለሁ። እርስዎ ሲያርፉ ቤቱ በለቅሶተኛ ይሞላል፤ ከለቅሶተኛውም መሃል አንዲት ሩኅሩኅ ወይዘሮ አትጠፋም። ማሰሮውን ታያለች፤ «ወይኔ፣ ጌታው ከሄደ ወዲህ ውሃ የሚሰጠው አጥቶ ደረቀ እኮ!» ትላለች፤ ጆግ ፍለጋም ትነሳለች። ከድንኳኑ በር ላይ አንድ ጠንካራ ወጣት ይቁም። ሥራው እንግዳ መቀበል አይደለም፤ እሷን መከልከል ነው።