ሁለት ተቀማጭ፣ ብዙ ተጫዋች፦ የጅግጅጋ ሻህ ሲመረመር

በጨዋታ ንድፈ ሐሳብ ምደባ ሻህ «የሁለት ሰው ጨዋታ» ነው። ምደባውን ያወጡት ሊቃውንት ጅግጅጋ ዛፍ ጥላ ሥር ቆመው አያውቁም። እዚያም ሆነ በቀብሪበያህ፣ እስከ ቶጎ ውጫሌ ድንበር ድረስ፣ የሚቀመጡት ሁለት ናቸው፤ የሚጫወተው ግን የተገኘው ሁሉ ነው።

ሰሌዳው መሬት ላይ ይጫራል፦ አንዱ በሌላው ውስጥ የገባ ሦስት አራት ማዕዘን፣ የጎኖቹ መካከል በመስመር የተያያዘ፣ 24 መገናኛ ያለው። እያንዳንዱ 12 ጠጠር ይዞ (ጠጠር ከጠፋ ቆርኪ፣ ቆርኪም ከጠፋ የደረቀ የግመል በጠጥ) ተራ በተራ ይደረድራል። ሰሌዳው ጢም ሲል መላወሻ ስለማይኖር ከየወገኑ አንድ አንድ ጠጠር ይነሣል። ቀድሞ የሚያነሣው በድርደራው ጊዜ መጀመሪያ ሦስት ጠጠር ያሰለፈ ነው። ሦስቱ «ጃሬ» ይባላሉ። ከዚያ ወዲያ ጃሬ የሠራ ሁሉ ከባላጋራው አንድ ይነጥቃል።

አውሮፓ ውስጥ በ9 በ9 ጠጠር የሚጫወቱት ዘመድ አለው። እ.ኤ.አ. በ1993 ራልፍ ጋሰር የተባለ ተመራማሪ ሁለቱም ካልተሳሳቱ ያ ጨዋታ እኩል እንደሚያልቅ አረጋገጠ፤ ኮምፒውተሩ ለዚህ በቢሊዮን የሚቆጠሩ አቀማመጦችን መርምሯል። በሻህ ድርደራው ሲያልቅ ብቻ ሰሌዳው 2,704,156 ዓይነት መልክ ሊኖረው ይችላል። ከዳር የቆሙ አዛውንት ግን አንዴ ጎንበስ ብለው ያዩና «አለቀለት» ይላሉ።

ችግሩ እዚህ ላይ ነው። ሻህ እንደ ካርታ የሚሸሸግ፣ እንደ ዳይስ በዕድል የሚወድቅ ነገር የለውም። ከዳር ቆሞ የሚመክረው የሚያየውን ተቀማጩም ያያል። ስለዚህ ምክሩ አዲስ መረጃ አይጨምርም፤ ሳሉም ቢሆን። (አንዳንዱ በቃል አይመክርም፤ በቀኝ በኩል ሊነጠቅ ሲል ጉሮሮውን ይጠርጋል።) ታዲያ ለምን ይመከራል?

የጨዋታ ንድፈ ሐሳብ መሥራቾቹ ፎን ኖይማንና ሞርገንስተርን እ.ኤ.አ. በ1944 ባሳተሙት መጽሐፍ እንዳስተማሩት የእያንዳንዱን ትርፍና ኪሳራ ማስላት ያስፈልጋል። ተቀማጩ ካሸነፈ መካሪው «ነግሬው ነው» ይላል። ከተሸነፈ ደግሞ «ነግሬው ነበር»። ሌላው ምንም ቢያደርግ የማያከስር ስልት በሻህ ሜዳ ላይ አንድ ብቻ ነው፤ እሱም ቆሞ መምከር።

ይህ ከሆነ ማንም መቀመጥ አልነበረበትም፤ ሁሉም መካሪ ሆኖ ሰሌዳው ባዶ መቅረት ነበረበት። አልቀረም። አንዱ ማብራሪያ፣ ተሸንፎ የተነሣ ሰው ወዲያው ወደ መካሪዎቹ ይቀላቀላልና መቀመጡን እንደ መግቢያ ክፍያ ያየዋል የሚል ነው።

መካሪዎቹ የሚስማሙበት አንድ ሕግ አለ። በአውሮፓው ጨዋታ መሄጃ ያጣ ተሸናፊ ነው። በሻህ ግን የዘጋው ሰው ራሱ ጠጠሩን አንቀሳቅሶ ለባላጋራው መንገድ መክፈት አለበት። ሲያመነታ ከየአቅጣጫው «ክፈትለት!» ይባላል፤ ቅድም «ዝጋበት!» ሲሉ የነበሩትም ጭምር።

ሻይ ከተያዘ የሚከፍለው ተሸናፊው ነው። ሂሳቡ ሲመጣ ግን ብርጭቆው ከሁለት በላይ ሆኖ ይገኛል።