ቻርጅ የማይፈልገው ሚሞሪ

ትዝታን ከጭንቅላት ቀድቶ ቺፕ ላይ የሚያስቀምጥ መሣሪያ በሆሊውድ ፊልም ከተፈለሰፈ ቆይቷል። በእውኑ ዓለም የኢሎን መስክ ኒውራሊንክ እ.ኤ.አ. በጥር 2024 የመጀመሪያውን ቺፕ በሰው አንጎል ውስጥ ተክሏል፤ የዚያ ቺፕ ሥራ ግን የኮምፒውተር ቀስት በሐሳብ ማንቀሳቀስ ነበር።

ይህን የሰማ የደብረ ታቦር መሪጌታ ቢስቅ አይፈረድበትም። እዚያው ደቡብ ጎንደር፣ ጋይንት ውስጥ፣ ቤተልሔም የድጓ ማስመስከሪያ ናት፤ ዙር አምባ ደግሞ የዝማሬና መዋሥዕት። ደበሎ ለባሹ ተማሪ የዓመቱን ዜማ ከነምልክቱ ጭንቅላቱ ውስጥ ይከታል። ባክአፑንም ራሱ ያሰናዳል፦ ብራና ፍቆ፣ ቀለም በጥብጦ፣ መቃ ቀርጾ ድጓውን በእጁ ይጽፋል። ኃይል የሚሞላው በየደጁ «በእንተ ስማ ለማርያም» ብሎ በሚያገኘው ቁራሽ ነው፤ ውሻው ካሳለፈው።

ማፍጠኛም አለው፤ አብሾ ይባላል። አእምሮ ይከፍታል ተብሎ የሚጠጣ ዕፅ ነው። የጠጣ ሰው አረቄ አይቅመስ ይባላል፤ መመሪያውን የጣሰ እንደሆነ ሠርግ ቤቱን ነው የሚበትነው።

ከጭንቅላት ውጭ የተከማቸ ግን ይዘረፋል። ዐፄ ቴዎድሮስ የጎንደርን መጻሕፍት ሰብስበው መቅደላ ላይ አከማቹ፤ ሁሉም በአንድ ሰርቨር መሆኑ ነው። በ1860 ዓ.ም. እንግሊዞች ዘርፈው 350 ያህሉን ለንደን አስገቡ። የብሪታንያ ቤተ መጻሕፍት ከእነዚህ የተወሰኑትን ፎቶ አንስቶ ኢንተርኔት ላይ ለቀቀ፤ ኔትወርክ ከተገኘ ባለቤቱም ማየት ይችል ነበር። እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2023 ሰርጎ ገቦች የቤተ መጻሕፍቱን ኮምፒውተሮች ሲመቱ ግን የዲጂታል ብራናው ገጽ ለወራት ተዘጋ። በዚህኛው ዙር የተዘረፈው ቤተ መጻሕፍቱ ራሱ ነበር።