ቦቢን የማድረቅ ነገር

ቦቢን ማጠቡ ቀላል ነው፤ ቀኑን የሚበላው ማድረቁ ነው። እናቱ ፑድል፣ አባቱ የሰፈር ውሻ፤ ጸጉሩ ግን ጨርሶ ወደ እናቱ አድልቶ ከጆሮው እስከ ጭራው ከርዳዳ ነው። ፑድል ቀድሞ በአውሮፓ አዳኞች የመቱትን ዳክዬ ከውሃ ዋኝቶ እንዲያወጣ የተራባ ዝርያ ነው። ለሐይቅ የተፈጠረውን ያንን ጥቅጥቅ ያለ ጸጉር፣ ከባሕር ወለል ከ2,300 ሜትር በላይ በምትገኘው አዲስ አበባ፣ በሐምሌ ማድረቅ ደግሞ የእኔ ድርሻ ሆነ።

ሳምንቱን ሙሉ ዘንቦ ቅዳሜ ጠዋት ፀሐይ ወጣች፤ የውሃ ፈረቃችንም ደርሶ ነበር። ውሃ ሳይነካው በፊት አበጠርኩት። ይህ ፈጽሞ አይዘለልም፤ የተቋጠረ ከርዳዳ ጸጉር ውሃ ሲነካው ጠብቆ ሚዶ እንቢ ይላል፣ ከዚያ በኋላ መፍትሔው መቀስ ብቻ ነው። ከጆሮው ጀርባና ከብብቱ ሥር ቋጠሮውን አንድ በአንድ ፈታሁ። ጆሮው ውስጥ ጥጥ አደረግኩለት፤ የተንጠለጠለ ጆሮ እርጥበት ከያዘ ይታመማል። ውሃው ለብ ያለ፣ ሻምፖው የውሻ። የሰው ሻምፖ ቆዳውን ያደርቅበታል። አረፋ እንዳይቀርበት ደጋግሜ አለቀለቅኩት፤ እሱም ሳፋው ውስጥ ዝም ብሎ ቆመልኝ።

ከርዳዳ ጸጉር በፎጣ አይታሽም፣ መልሶ ይቋጠራል። ፎጣውን ጫን እያደረጉ ውሃውን ማስመጠጥ ነው። ከዚያ ማድረቂያውን በዝቅተኛው ሙቀት ከፍቼ፣ ጸጉሩን በትንሽ በትንሹ እየለየሁ ማበጠር ጀመርኩ። ላዩ ሲነካ የደረቀ ይመስላል፤ ሥሩ ግን ቆዳው ላይ ተለጥፎ እርጥብ ነው። ግራ ጎኑ አልቆ ቀኙን ስጀምር መብራት ጠፋ።

ፀሐይዋ ትጨርስልኛለች ብዬ ግቢ ይዤው ብወጣ ደመናው እንጦጦን ሸፍኖታል። ነጎድጓዱን ሲሰማ ከእጄ አምልጦ ጎመን መደቡ ውስጥ ገባ። ጭቃ በጭቃ ሆኖ ሲንቀጠቀጥ አንጀቴን በላው።

ጎረቤታችን እማማ በአጥሩ በኩል አይተውን ኖሯል።

«ኧረ ልጄ፣ ይሄ ፍጡር በብርድ ማለቁ ነው! አምጣው ወዲህ!»

ውሻ ቤት አይገባም የሚሉ ሰው ናቸው። ለቡና ያቀጣጠሉትን ከሰል ወደ በረንዳው አወጡት። በረንዳ መሆኑም በጀን፤ በተዘጋ ቤት ከሰል ሰውም ውሻም ይገድላል። እግሮቹን በጀበናው ውሃ አጠቡለት፣ በአሮጌ ጋቢ ጠቅልለው ከእሳቱ ራቅ አድርገው ጭናቸው ላይ አስቀመጡት፣ ከዚያም ሚዶውን ተቀበሉኝ።

«ሥሩን በእጅህ ጨብጥ፤ ከጫፉ ጀምረህ ወደ ሥሩ ውረድ። የሚያመው ቆዳው ነው።»

ለአራት ሴት ልጆች ሹሩባ ሲሠሩ የኖሩ እጆች ናቸው። እኔ በማድረቂያ የታገልኩትን ከርዳዳ እሳቸው በጣታቸው እየፈለቀቁ፣ ለከሰሉ ሙቀት እያሳዩ፣ እስከ ቆዳው አደረቁት። እንዲህ ያለ ትዕግሥት በየትኛውም ውሻ አጣቢ ዘንድ አላየሁም። ቦቢ መሐል ላይ እንቅልፍ ወሰደው።

መብራት ሲመጣ ማድረቂያውን መልሼ መክፈት አላስፈለገኝም። ጥጡን ከጆሮው አውጥቼ ውስጡን በደረቅ ጨርቅ ጠረግኩለት። ለመሄድ ስነሳ እማማ መዳፉን ገልብጠው አዩና «ጥፍሩም ረዝሟል፤ በሚቀጥለው ቅዳሜ መቁረጫ ይዘህ ና» አሉኝ።