አባ ሚኖክሲዲል

አገር ተባርካለች። የሚጠራጠር ካለ ከሥራ መውጫ ሰዓት ላይ መገናኛ ይውረድና የኮተቤን የታክሲ ሰልፍ ከፊት እስከ ኋላ ይመልከት። ከጆሮ ግንድ እስከ አገጭ ጥቅጥቅ ያለ፣ ጠርዙ በምላጭ የተሰመረ፣ በዘይት የሚያብረቀርቅ ጺም ተሰልፎ ያገኛል። ባለቤቶቹም ከጀርባው አሉ።

በዚህ የሚያማርር ሰው ቅናተኛ ነው። እኔ አላማርርም። ቅዳሜ ፀጉሬን ልቆረጥ ስገባ ቆራጩ፣ «ጋሼ፣ አረፍ ይበሉ። አንድ ሰው ነው ያለው፤ እሱም ጺም ብቻ ነው» ይለኛል። ጺም ብቻ! መጀመሪያ ትኩስ ፎጣ ፊት ላይ ይጣላል። ፎጣው ሲነሳ ማሽኑ ይገባል፤ ከጆሮ ሥር እየሳሳ ይወርዳል። ጉንጭ ላይ መስመር ይወጣል። ደንበኛው ቃና ላይ በአማርኛ የሚናገር አንድ ቱርካዊ ተዋናይ ከስልኩ አውጥቶ «እንደዚህ» ሲል መስመሩ እንደገና ዝቅ ይላል። ቀለም ይቀባል፤ እስኪይዝ ይጠበቃል፤ ይታጠባል። ከዚያ ዘይት፣ ከዚያ ማበጠሪያ፣ ከዚያ ፎቶ በግራ፣ ፎቶ በቀኝ። እኔ ጋዜጣውን እስከ ጨረታ ማስታወቂያው አንብቤ ጨርሻለሁ።

ጺም በዚህ አገር ታሪክ እንዳለው አልክድም። በአምስቱ ዓመት ወረራ ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. አርበኛው ጎፈሬውንና ጺሙን ያሳደገው ዱር ገብቶ ነው፤ የዛሬው ጀግና ዱር ሳይገባ አጎፈረ። ዳግማዊ ምኒልክ በ1882 ዓ.ም. እንጦጦ ማርያም ሲነግሡ የቀቧቸው አቡነ ማቴዎስ ናቸው፤ ጺማቸውን የቀባላቸው ሰው ግን በታሪክ አልተመዘገበም።

ላልበቀለለትም መላ አለ። ሚኖክሲዲል መጀመሪያ ለደም ግፊት የተሠራ ክኒን ነበር፤ በሽተኞቹ ባልታሰበ ቦታ ፀጉር ሲያበቅሉ ጊዜ ለመላጣ መቀቢያ ሆነ። አሁን በቴሌግራም ታዝዞ አገጭ ላይ ይውላል። ደም ግፊቱም ዋጋውን በሰማችው እናት ላይ ይነሳል። ምኒልክ አባ ዳኘው ቢባሉ፣ የእኛው አባ ሚኖክሲዲል ነው።

ትልቁ በረከት ግን መንፈሳዊ ነው። ጺሙ ደረቱ ላይ የደረሰ ጎረምሳ ለሠርግ ብሎ ነጭ ነጠላ ደርቦ ሰልፍ ላይ ቆመ እንበል። ከእንጦጦ ጠበል የተመለሱ እናት ያዩትና «አባቴ፣ ይፍቱኝ» ብለው ጎንበስ ይላሉ። ምን ያድርግ? የጆሮ ማዳመጫውን ነቅሎ «እግዚአብሔር ይፍታዎት» ይላል። ከኋላቸው ያሉትም ይከተላሉ፤ ሰልፉ ይፈርሳል። ረዳቱ «አባን አስቀድሙ!» ብሎ ጋቢና ያስገባዋል፤ ሂሳብም አይቀበለው። ይህ በተሰማ ማግስት የመገናኛ ጺማም ሁሉ ነጠላ ይገዛል። በሳምንቱ ጋቢናው ሞልቶ አባቶች ከኋላ ተጠጋግተው ይጫናሉ። በወሩ ታክሲው ውስጥ ከአባት በቀር ሰው አይገኝም፤ ባራኪ እንጂ ተባራኪ፣ ተሳፋሪ እንጂ ከፋይ ይጠፋል። ሾፌሩ ማደያ ገብቶ ነዳጁን ከቀዳ በኋላ ቀጂው ሂሳብ ሲጠይቀው፣ ከመስኮቱ የሚወጣው እጅ ሁሉ መስቀል አስመስሎ ያማትብለታል። በዚህ መሐል ከገዳም ለሕክምና የመጡ እውነተኛ መነኩሴ፣ ጺማቸው የሳሳ፣ ቆባቸው የነተበ፣ ሰልፉ መጨረሻ ላይ ይደርሳሉ። ረዳቱ ከላይ እስከ ታች አይቷቸው፣ «ፋዘር፣ ወረፋ ይጠብቁ!»

የሩሲያው ታላቁ ጴጥሮስ ጺም ላይ ግብር ጥሎ ለከፋዩ የመዳብ ምልክት ይሰጥ ነበር። ገቢዎች ይህን እንዳያነቡ እጸልያለሁ። ዋሸሁ፤ እንዲያነቡ ነው የምጸልየው። ሰለቸኝ። ጺም ያልተላጨ ፊት ነው፤ ሌላ ምንም አይደለም።

ያዘነ ሰው ብቻ ነው የተቸገረው። ድሮ አባቱን የቀበረ ወንድ እስከ አርባው ጺሙን ምላጭ አያስነካም፤ መንገድ ላይ ያየው ሁሉ ሳይጠይቅ ይገባውና «እግዜር ያጽናህ» ይለው ነበር። አንድ ጎረቤታችን ወንድሙን ቀብሮ ጺሙን ቢያሳድግ፣ ያገኘው ሁሉ «ያምርብሃል! ምን ዘይት ነው የምትጠቀመው?» አለው። ቢመረው ሙልጭ አድርጎ ተላጨ። በማግስቱ ታክሲ ላይ የሥራ ባልደረባው አየውና ክው አለ።

«ምነው? ማን ሞተብህ?»