ቦርጭ ያወጣ መስኮት

ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ የሚኖር አንድ ወዳጄ ባለፈው ሰመር ቡና ላይ ሰብስቦን የሳሎኑን ግድግዳ ሊያፈርስ መሆኑን አበሰረን። ለክፋት አይደለም፤ ቤይ ዊንዶው ሊያስገባ ነው። ኮንትራክተር ጠርቶ ዋጋ ቢጠይቅ “ለአንድ መስኮት!” ብሎ ሊታመም ደረሰ። “በራሴ እጅ እሠራዋለሁ” አለና እጁን ዘርግቶ አሳየን። አየነው። ሃያ ዓመት ሙሉ የሰው ታክስ ሲሠራ ከካልኩሌተር ሌላ ከባድ ነገር ያልነካ፣ እንደ ሕፃን እጅ የለሰለሰ ነው። ሁላችንም አጨበጨብን። እኔም ካጨበጨቡት አንዱ ነኝ።

ቤይ ዊንዶው ምን እንደሆነ ለማያውቅ፣ ቦርጭ ያወጣ መስኮት ማለት ነው። እንደ ጨዋ መስኮት ከግድግዳው እኩል አይቀመጥም። መሀሉ ሰፊ መስታወት፣ ግራና ቀኙ በ30 ወይም በ45 ዲግሪ የታጠፉ ጠባብ መስታወቶች ሆነው ሦስቱም ተያይዘው ወደ ውጭ ይገፋሉ። ከውስጥ በኩል የአበባ ማሰሮ መደርደሪያ ይሆናል፤ ከውጭ በኩል የጎረቤት ዓይን ማቅያ።

ወዳጄ በዚህ ነገር የተለከፈው ዋሽንግተን ዲሲ፣ ዩ ስትሪት አካባቢ ክትፎ ሊበላ በሄደበት ነው። ከምግብ ቤቱ ወጥቶ ቀና ሲል የሰፈሩ ቀይ የጡብ ቤቶች ተሰልፈው ሆዳቸውን ነፍተውበታል። ከተማዋ እ.ኤ.አ. በ1871 ባወጣችው ደንብ የቤት ባለቤቶች ቤይ ዊንዶውን ከይዞታቸው መስመር አሳልፈው ወደ ሕዝብ መሬት እንዲያወጡት ፈቅዳለች። መሬት በነፃ ሲገኝ ቦርጭ የማያወጣ ማን አለ? ወዳጄ ያላስተዋላት አንዲት ትንሽ ነገር ብቻ ናት። የነዚያ ቤቶች የአብዛኞቹ ቦርጭ ከመሠረት ተነሥቶ በጡብ የተገነባ ነው፤ መሬት ረግጦ ነው የሚኮራው። እሱ በካርቶን ያስመጣው ግን አየር ላይ የሚንጠለጠል ነው።

ለማንኛውም እናንተም ይህን ሙያ በአንድ ቅዳሜ መቅሰም ካማራችሁ፣ ከወዳጄ የተማርኩትን ሳልሰስት ላካፍላችሁ።

በመጀመሪያ ፈቃድ እንዳታወጡ። ፈቃድ ያወጣችሁ እንደሆነ ኢንስፔክተር የሚባል ሰው ይመጣና “ግድግዳውን ስትቆርጠው ከላይ ያለውን ጭነት ምን ይሸከመዋል?” ይላችኋል። እንዲህ ያለ ጥያቄ ደግሞ የሰው ሞራል ይሰብራል።

ቀጥሎ ዩቲዩብ ክፈቱ። አንድ ቀበቶው ላይ መዶሻ ያንጠለጠለ ደስተኛ ሰውዬ ሥራውን ሁሉ በአሥራ አራት ደቂቃ ይጨርስላችኋል። አሮጌው መስኮት የሚወጣበት ክፍል ሲደርስ ሙዚቃ ይገባል፣ ካሜራው ይሮጣል፣ ቀኑን ሙሉ የፈጀው መከራ በሃያ ሰከንድ ያልፋል። ስለ ጭነት ማውራት ሲጀምር ዝለሉት፤ አሰልቺ ነው። የጣሪያውና የፎቁ ክብደት በግድግዳው ቋሚ እንጨቶች በኩል ወደ መሠረት እንደሚወርድ፣ ቋሚዎቹ ሲቆረጡ ክብደቱ እንደማይጠፋና ሌላ መውረጃ እንደሚፈልግ ነው የሚያወራው። ባለሙያ የተባለ ሁሉ መጋዙን ከማንሣቱ በፊት ከውስጥ ጊዜያዊ ድጋፍ ያቆማል፤ ከቀዳዳው አናት ላይ ወፍራም አግዳሚ ጋድሞ ጫፎቹ በቋሚዎች ላይ እንዲያርፉ ያደርጋል፤ ከውጭ ጡብ ካለም ለጡቡ ሌላ የብረት አግዳሚ ይጨምራል። ወዳጄ ይህን ሲሰማ “ይሄ ሁሉ ለመስኮት?” ብሎ ሳቀ። እውነቱን ነው፣ ለመስኮት አይደለም። ጣሪያው ራት ላይ እንዳይገኝ ነው።

ቤታችሁ አሮጌ ከሆነ ደግሞ እሰየው። አሜሪካ የእርሳስ ቀለም ለመኖሪያ ቤት እንዳይውል የከለከለችው እ.ኤ.አ. በ1978 ነው፤ የወዳጄ ቤት የተሠራው ከዚያ ብዙ ቀደም ብሎ ነው። የድሮ ቀለም የተቀባ ፍሬም በመጋዝ ሲቆረጥ የሚቦነው አቧራ የሕፃናትን አእምሮ የሚጎዳ መርዝ ሊሆን ይችላል። ወዳጄ ግን መጋዙን እያስጮኸ ሁለቱን ልጆቹን ፊት ለፊቱ ገትሮ “አባታችሁን እዩ፣ ተማሩ” ይል ነበር። እነሱም ዐዩ፤ አስነጠሱም።

ከዚያ ደቦ ጥሩ። መስኮቱ ከነፍሬሙ በብዙ መቶ ፓውንድ የሚመዘን ነው። ስለዚህ ስድስት ሆነን ተጠራን። አንድ ፋርማሲስት፣ ሁለት የኡበር ሾፌሮች፣ አንድ ነርስ፣ አንድ ዲያቆንና ይህ ጸሐፊ። ምስማር መትቶ የሚያውቅ አልነበረም፤ ትእዛዝ መስጠት የማያውቅም አልነበረም። “ወደ ግራ!” “የማን ግራ?” “ቀስ!” “ማነው የለቀቀው?” እያልን፣ አገር ቤት ደቦ በጠላ እንደሚሠራ እኛም በቢራ ሠራነው። ልዩነቱ እዚያ ደቦው መሀል ማሳውን የሚያውቅ ገበሬ መኖሩ ነው። ዲያቆኑ ጾመኛ ስለነበር ውሃ ብቻ ነው የጠጣው፤ ከሁላችንም ቀጥ ብሎ የቆመውም እሱ ብቻ ነው።

መስኮቱ ገባ። ውሃ ልክ አልነበረንም፤ በዓይን ለካነው። ሁላችንም አንገታችንን ወደ ግራ ጠምዘዝ ስናደርግ ፍጹም ቀጥ ያለ ነበር። ካርቶኑ ውስጥ ሁለት የብረት ገመዶች መጥተዋል። የመስኮቱን የውጭ ጫፍ ከላይ ካለው አግዳሚ ጋር አስረው ክብደቱን የሚይዙት እነሱ ናቸው። ሥራው ተጠናቀቀ ተብሎ ፎቶ ስንነሣ ሁለቱም እዚያው ካርቶን ውስጥ ተጠቅልለው ተኝተዋል። “ትርፍ ዕቃ ልከውልኛል” አለ ወዳጄ፣ ፊቱ በርቶ።

ዙሪያውን የቀረውን ክፍተት በፎም ሞላው። ለመስኮት የሚሆነው ፎም ብዙ የማይነፋው ነው፤ እሱ የገዛው ግን እንደ ሊጥ ኩፍ የሚለውን ነበር። ሌሊቱን ሲነፋ አድሮ ፍሬሙን ወደ ውስጥ አጎበጠው። ከዚያ ወዲያ የግራው መስኮት አልከፈት አለ። ምን ይደረግ? የማይከፈት መስኮት ሌባም አይገባበት።

የመስኮት ትልቁ ጠላት ግን ሌባ አይደለም፤ ውሃ ነው። ጎጆ የሚከድን ሰው ሣሩን ከታች ጀምሮ ወደ ላይ የሚደራርበው የላይኛው በታችኛው ላይ ዝናቡን እንዲያወርድ ነው። የመስኮት ዙሪያም ውሃ የሚመልሰው ልባስ በዚሁ ሥርዓት ከታች ወደ ላይ እየተደረበ ይለጠፋል። ይህን አያቶቻችን ያለ ዩቲዩብ ያውቁት ነበር። ወዳጄ ልባሱን ትቶ በሦስት ቱቦ ሲሊከን ዙሪያውን ለቀለቀውና “አበቃ” አለ። አለባብሰው ቢያርሱ በአረም ይመለሱ ሲባል እሱ ገበሬ ስላልሆነ አልመሰለውም።

በሳምንቱ የማክሰኞ ማታ ዝናብ ሲመጣ፣ ከአዲስ አበባ ለጥየቃ የመጡት አማቱ ሶፋው ላይ ነበሩ። ትከሻቸው ላይ ጠብ ሲልባቸው ነጠላቸውን ሰብሰብ አድርገው ቀና አሉ። ከዚያ በትሕትና “ልጄ፣ እዚህ ጋ ድሮ ግድግዳ አልነበረም?” ብለው ጠየቁት።

የወዳጄ ነገር ብቻ ቢሆን ኖሮ ስቄ ባለፍኩት። ግን የሁላችንም ነገር ነው። እኛ የእጅ ባለሙያን በመናቅ የታወቅን ሕዝብ ነን። ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ብረት የሚሠራውንና ሸማ የሚሠራውን መስደብ ይቅር ብለው እስከ ማወጅ የደረሱት ነገሩ ቢብስ ነው። ይኸው ከመቶ ዓመት በላይ አለፈና ተሻሻልን። ዛሬ አናጢን ማንም በስድብ አይጠራውም። ያኔ ባለሙያውን የናቅነው “ሥራው ዝቅ ያለ ነው” ብለን ነበር፤ አሁን የምንንቀው “ሥራው ቀላል ነው” ብለን ነው። ያኔ ሥራውን እሱ ይሥራው ብለን እሱን አራቅነው፤ አሁን እሱንም አርቀን ሥራውንም ቀማነው። ሙያ በልብ ነው የሚሉት አባቶች፣ በአሥራ አራት ደቂቃ ልብ ውስጥ ይገባል አላሉም።

የራስን ግድግዳ ቀለም መቀባት ደስ ይላል፤ ቢበላሽ ደግሞ ይቀባል። ጣሪያ የተሸከመ ግድግዳ ግን ሲበላሽ ይቅርታ የሚጠየቀው ከሥሩ ከተወጣ በኋላ ነው። ሳይቸግር ጤፍ ብድር ማለት ይኼ ነው።

በመጨረሻ አናጢ ተጠራ፤ የአገራችን ሰው ነው። ገብቶ ለረጅም ጊዜ ምንም አልተናገረም። ከቦርሳው ውሃ ልክ አውጥቶ የመስኮቱ መደብ ላይ አስቀመጠ። አረፋዋ ተንሸራታ ጥግ ይዛ ተቀመጠች፤ ከዚያ ወዲያ መሄጃ ብታገኝ የምትመለስ አትመስልም። ወደ ኮርኒሱ አየ፣ የተሰነጠቀበትን በጣቱ ተከተለ። ካርቶኑን አስመጥቶ የብረት ገመዶቹን አወጣቸውና “ይሄስ?” አለ። ወዳጄ ያን ጊዜ ስልክ የመጣለት መሰለ። አናጢው የጠራው ዋጋ ወዳጄን መጀመሪያ ካሳመመው ዋጋ በላይ ነበር፤ መሥራቱ ብቻ ሳይሆን ማፍረሱም አለበትና።

ከፈለ። መስኮቱ አሁን አምሯል፤ አማቱም አበባ ደርድረውበታል። ለእንግዳ ሁሉ “በራሴ እጅ ያስገባሁት ነው” እያለ ያሳያል፤ እኛም የደቦው አባላት አንቃወምም፣ ፎቶው ላይ አለንበትና።

ባለፈው መጋቢት፣ የታክሱ ወቅት ሲደርስ፣ ወዳጄ ያንኑ አናጢ ገበያ ላይ አግኝቶ “ዘንድሮ ታክስህን ማን ሊሠራልህ ነው?” አለው።

“ራሴ” አለ አናጢው። “ዩቲዩብ ላይ አይቼዋለሁ፤ ቀላል ነው።”

ወዳጄ ያን ዕለት ማታ ደውሎልኝ አንድ ሰዓት ሙሉ ሲንገበገብ አመሸ። “ሰዉ አብዷል!” ይለኛል። “ሥራ እኮ ለባለሙያ ነው!”