«እኛ የለንም ብለው ያስቡ»

የልጅ ልጄ ፊልም ተማሪ ከሆነ ወዲህ ዕረፍት የለኝም። ቅዳሜ ጠዋት ሁለት ጓደኞቹን አስከትሎ አራተኛ ፎቅ ድረስ መጣ። አንዱ ካሜራ ተሸክሟል፤ ልጅቷ ድመት የመሰለ ጠጉራም ማይክ በዘንግ ሰቅላ አናቴ ላይ ታንዣብባለች። «አባባ፣ እኛ የለንም ብለው ያስቡ። የዘወትር ኑሮዎን ብቻ ይኑሩ» አለኝ።

እንዴት አድርጌ ነው የለም የምለው? ካሜራ ያዡ ሽንት ቤቱ በር ላይ ተገትሯል! ቁርስ ሲቀርብ «ብሉ» አልኩ። ዝም። «ኧረ በሞቴ!» አልኩ። ዝም። እንግዳ አቁሞ ብቻውን የሚጎርስ ስግብግብ ሽማግሌ ተብዬ ልቀር ነው።

በእኛ ጊዜ ፎቶ ቤት ሲኬድ ኮት ከጎረቤት ተውሰን፣ ጸጉር አበጥረን፣ ካሜራውን ትክ ብለን እናይ ነበር። ዛሬ «ካሜራውን አይዩ» ነው። እነሱ ግን ካልሲዬን ስፈልግ ሳይቀር ያዩኛል።

«ጥበቡ ትዕግሥት ነው» ይለኛል ልጁ። ሐረር ያደገችው ጄሲካ በሺር በሐረር ዙሪያ ጫት የሰዉን ኑሮ እንዴት እንደያዘው የሚያሳየውን «ፋያ ዳዪ»ን ለ10 ዓመት ያህል ስትቀርጽ ቆይታ እ.ኤ.አ. በ2021 ለእይታ አበቃችው አለኝ። እሰይ፣ ትባረክ። እኔስ በ1997 ዓ.ም. ለኮንዶሚኒየም ተመዝግቤ ዕጣ እስኪወጣልኝ ከ10 ዓመት በላይ ስጠብቅ ማን ቀረጸኝ?

ከቁርስ በኋላ ባለቤቴ ቡና አፈላች። እንደ ልማዷ ረከቦቱ ላይ ስድስት ስኒ ደረደረች፤ ሁለቱን ቀዳች። ካሜራው አራቱን ባዶ ስኒዎች ሲያይ ቆየ። በመጨረሻ ልጁ፣ «አባባ፣ የዘወትሩ እንዲህ ነው?» አለኝ። የለሁም ያለው ተናገረ!

አራት ኪሎ ሳለን ማን ምን ወጥ እንደሠራ፣ የማን ልጅ እንዳመሸ ጎረቤት ሁሉ ያውቅ ነበር፤ ተመልካች ሞልቶን በሐሜት ተማርረናል። እዚህ ግን ከገባን ወዲህ በራችንን አንኳኩቶ ውሏችንን የጠየቀ ይኼ ካሜራ ብቻ ነው። እሱም የለሁም ይላል።

ስለዚህ ልጆቼ፣ ቅረጹ፤ አልከለክልም። በሚቀጥለው ቅዳሜ ግን ካሜራውን ጫማችሁ አጠገብ አስቀምጡት፤ በረካውን ሳትጠጡ አታነሱትም።